ከግቢዬ በር ፊት ስለተሰመረው ቢጫ መስመር

ለተከበሩ የማዘጋጃ ቤታችን የመንገድና የመኪና ማቆሚያ ክፍል ኃላፊ፣

ክቡርነትዎ፣ ጤናዎ እንደ ወንበርዎ የጸና ይሁን፤ ደጅዎንም የሚዘጋ አይምጣብዎ። እኔ ዝላትካ ሚንቼቫ፣ በወፍጮ ቤት መንገድ የምኖር፣ ጡረታ የወጣሁ ልብስ ሰፊ፣ ስለዋሉልኝ ውለታ በአደባባይ ላመሰግንዎ ብዕር አንስቻለሁ።

አንደኛ፣ የዛሬ ሁለት ዓመት የአሥራ ሁለት ቁጥር ሚኒባስ የመጨረሻ ፌርማታ እኛ ሰፈር እንዲሆን ሲወስኑ፣ ሾፌሮቹ ከአንዱ ዙር እስከ ሌላው የት ቆመው እንደሚያርፉ ባለማሰብዎ አመሰግናለሁ። እነሱ ግን አስበው አስበው የእኔን ግቢ በር መረጡ። ባለቤቴ ኢግናት ያኔ እግሩ አልታዘዝ ብሎት ነበር፤ በሳምንት ሁለት ቀን ክሊኒክ ልወስደው መኪናችንን ሳስነሳ፣ አንድ ሚኒባስ በሩ ላይ ተገትሮ ይጠብቀናል። መጀመሪያ እጮህ ነበር። ኋላ ስታሜን የሚባለው ሾፌር "እትዬ ዝላትካ፣ እኔ እያለሁ ምን ያስጮህዎታል?" እያለ መኪናውን ከማንሳት አልፎ ኢግናትን አቅፎ ያሳፍርልኝ ጀመር። እሱም በተራው መጸዳጃ ቤት ይገባል፣ ውሃ ይጠጣል፣ በአይብ የምጋግረው ትኩስ ባኒጻ ከደረሰ ቁራሽ ይዞ ይወጣል። ከኢግናት ጋር በኳስ ሲከራከሩ ድምፃቸው ጎረቤት ድረስ ይሰማ ነበር።

ሁለተኛ፣ አንድ ሐሙስ ኢግናት ትንፋሽ አጥሮት አምቡላንስ ስጠራ በሩን የዘጋው ሌላ ሾፌር ነበር፤ እሱም መጸዳጃ ፍለጋ ባቡር ጣቢያ ድረስ ሄዷል። ቃሬዛውን በሚኒባሱና በአጥሩ መካከል አጋድመው ሲያሾልኩት በዓይኔ አየሁ። ኢግናት ያን ቀን ተረፈ። በማግስቱ ጻፍኩልዎ፦ የግቢዬ በር ክፍት ይሁንልኝ፣ ለሾፌሮቹም ማረፊያና መጸዳጃ ይሠራላቸው። አንዲት ዓረፍተ ነገር ነበረች። ክቡርነትዎ እኩሌታዋ ላይ ስለደከሙ አልፈርድብዎትም።

መልስዎ በጻፍኩልዎ በአሥራ አንደኛው ወር ደረሰ። ኢግናት ግን ቀደም ብሎ በበረዶው ወራት ዐርፏል፤ መኪናውንም ለወንድሙ ልጅ ሰጥቻለሁ። ሠራተኞችዎ መጥተው ቢጫ መስመር ቀቡ፣ የክልከላ ምልክትም ተከሉ። እጅግ ያምራል።

በዚያው ሳምንት ስታሜን እንደ ልማዱ አቁሞ ሊጠይቀኝ ገባ። ሲወጣ የቅጣት ወረቀት መስታወቱ ላይ ተለጥፎ አገኘ። "እትዬ፣ ይህን ያህል አስቀይመንዎት ነበር?" አለኝ። "እኔ እኮ መጸዳጃ ይሠራላችሁ ብዬ ነው የጻፍኩት!" ስለው፣ "እንግዲህ ቀለም ቀቡልን" ብሎ ሳቀ። ሳቁ እንደ ድሮው አልነበረም። ቢሮዎ ድረስ ሄጄ "እኔ ፈቅጄለታለሁ" ብል፣ መስኮቱ ላይ ያለችው ልጅ "እማማ፣ መብቱ የእርስዎ ነው፤ ለሰው መስጠት ግን አይችሉም" አለችኝ። በዕድሜዬ እንዲህ ያለ ንብረት ኖሮኝ አያውቅም።

ስታሜን ለሁለተኛ ጊዜ ሲቀጣ አሠሪው ወደ ሌላ መስመር አዛወረው። የቀሩት ሾፌሮች ሞተር ሳያጠፉ ሰው አራግፈው ይበራሉ።

ሦስተኛው ስለ ጸጥታው ነው። በሩ ቀኑን ሙሉ ክፍት ነው። የምትወጣው እኔ ነኝ፣ ዳቦ ልገዛ፤ የምትገባውም እኔው። ሳያንኳኳ የሚመጣብኝ የዳኑብ ወንዝ ነፋስ ብቻ ነው። ስለዚህ ክቡርነትዎ፣ ካላስቸገርኩ መስመሩን ያጥፉልኝ፤ ወይም የዓረፍተ ነገሬን ሌላውን እኩሌታ ያንብቡልኝ። ከመንገዱ ማዶ ያለው ባዶ ቦታ ለሁለት ሚኒባስና ለአንዲት መጸዳጃ ይበቃል፤ በእርምጃዬ ለክቼዋለሁ።

ውድ ጊዜዎን በመሻማቴ አንገቴን ደፍቼ ይቅርታ እየጠየቅሁ፣ በእርስዎ መልካም ፈቃድ የባለመብትነት ማዕረግ የተቀበልኩ፣
ዝላትካ ሚንቼቫ

ከፈረምኩ በኋላ የታወሰኝ፦ ባለፈው ማክሰኞ መስመሩን ሊመለከት የመጣው ተቆጣጣሪዎ ሌላ ቦታ አጥቶ መኪናውን ቢጫው ላይ አቆመ። አልከሰስኩትም። እንዲያውም ሻይ አፍልቼ ግባ ብዬ ለመንኩት። "አልችልም እማማ" አለኝ፣ "እዚህ መቆም ክልክል ነው።"