«ታምሜ ነው» ያልክበት ችሎት

የማርቆስ አባት፣ ከተለየኸኝ ዓመት ከመንፈቅ ሆነ። በቤታችን ቋንቋ መጻፍ አላውቅም፤ ፊደል የቆጠርኩት በጸሎት ቤት፣ በአማርኛ ነውና ብሳሳት ታገሰኝ።

ልጆቹ ደህና ናቸው። ማርቆስ ቁመቱ አንተን አክሏል፤ ያፈስ የነበረውን ጣራ ራሱ ከደነው። ዳለቻዋ ላም ወለደች። በጓሮ የተከልከው እንሰት ደርሶ እየበላን ነው።

ዛሬ የምጽፍልህ ተፈርዶልን ነው። የጎሳው ባላባት «ከጎሳችን አይደለም» ብሎ የከለከለህን የጎሳ አባልነት ማስረጃ እንዲሰጠን የሶዶው ፍርድ ቤት አዘዘ። በቦዲቲ በኩል ያለው የአባትህ መሬት ለልጆችህ ሆነ። ደስ ሊለኝ በተገባ! እኔ ግን ያን ቀን ሳለቅስ ዋልኩ።

ጥፋቱ የእኔ ነበራ። ጌታን ያገኘን ሰሞን ከሰባኪው ይልቅ አጥባቂ ሆኜ ነበር። በዘመን መለወጫችን በጊፋታ ጎሳው በሬ አርዶ ሥጋውን በየአባቱ ስም እየጠራ ሲያካፍል፣ አንተ ጋቢህን ለብሰህ ልትወጣ ስትል በር ላይ ቆምኩ። ለሞቱት አባቶች የታረደ ከበላህ ከእኔ ጋር አትጸልይም አልኩህ። ሳቅህና ጋቢህን አወለቅህ። እነሱ ግን ድርሻህን በኮባ ጠቅልለው ቤት ድረስ ላኩልህ። ያን ጊዜ አንተ ከብት ልታጠጣ ወርደህ ነበር። ሳልጠይቅህ መለስኩት። ምነው እጄን በቆረጠው! የወገን ድርሻ መመለስ ወገኔ አይደላችሁም ማለት እንደሆነ እኔ የወላይታ ልጅ ሳላውቅ ቀርቼ ነው?

ማስረጃውን ሲከለክልህ ክስ አቅርበህ ችሎት ላይ ስትቆም፣ የባላባቱ ምስክሮች ይህንኑ አነሡብህ። የጎሳው ሰው ቢሆን ድርሻውን ይመልስ ነበር ወይ አሉ። ዳኛው በአስተርጓሚ ለምን እንደመለስክ ሲጠይቁህ፣ እኔ ከኋላ ከጸሎት ቤት ሴቶች ጋር ተቀምጫለሁ። ዞር ብለህ እንኳ አላየኸኝም። «ታምሜ ነው፤ ሥጋ ተከልክዬ ነበር» አልክ። አይ አንተ! ጉንፋን እንኳ የማይደፍርህ ሰው! አስተርጓሚው ሳይቀር ፈገግ አለ፤ ዳኛውም እንዳላመኑህ ከፊታቸው ያስታውቅ ነበር። እኔ ነኝ ብዬ መነሣት ነበረብኝ። ሴቶቹ ምን ይሉኛል ብዬ አፌን ቆለፍኩ። ቀጠሮው ተራዘመ። ወደ ቤት ስንመለስ ሸንኮራ ገዝተህ ሰጠኸኝና ስለ ዝናቡ አወራኸኝ። አንድ ቀን አልወቀስከኝም። በዚያው ክረምት ደረትህን ያዘህ፤ ነገሩ ሳይለይለት ሄድክ።

ከማርቆስ ጋር በእግርህ ተተክተን ተከራከርን። ዳኛው ያንኑ ጥያቄ ሲደግሙት ተነሣሁ። ሥጋውን የመለስኩት እኔ ነኝ፤ እሱ እንኳን ሊመልስ አላየውም፤ ታምሜ ነው ያለውም እኔን ላለማሳፈር ነው አልኩ። ሴቶቹ ሰሙኝ። ይስሙ።

የአጎትህ ልጅ ዳና ለባላባቱ ሊመሰክር መጥቶ ነበር። እኔን ከሰማ በኋላ ሲጠሩት ቆሞ አለቀሰ። ንቆን መስሎን ነበር፤ ተቀይመን ነው የካድነው አለ። ከዚያ የዘር ሐረጋችሁን ከላይ ጀምሮ ሳያቋርጥ ቆጠረና አንተ ላይ ሲደርስ ወንድሜ አለህ።

ወንድሜ ሲልህ አንተ አልነበርክም። ይህ ነው የሚያቃጥለኝ። ያቺን የእኔን ቃል ያን ዕለት ተናግሬያት ቢሆን ኖሮ በጆሮህ ትሰማው ነበር።

ማርቆስ እንዴት እንደተፈረደልን ለሰው ሲያወራ እናቴ ደፋር ናት ይላል። አስቆመዋለሁ። እኔ የደፈርኩት አንተ ከሞትክ በኋላ ነው። በሕይወቴ እስካለሁ ስምህ በተነሣ ቁጥር፣ አባታችሁ እኔን ከማሳፈር መሬቱን ማጣት መረጠ ብዬ ለልጆችህ እነግራቸዋለሁ።

ሚስትህ