ካሚዮን ላይ የቆመው ምስለኔ

ለወንድሜ ለፍቅረሥላሴ፣ ጋምቤላ

እንደምን ከረምክ ወንድሜ? ጤናህስ? ያ የጉልበትህ ነገር ተሻለህ ወይስ ዛሬም ስትነሳ ግድግዳ ትይዛለህ? ሙቀቱስ እንዴት አደረጋችሁ? ወባው ዘንድሮ ራራላችሁ ወይ? ሩሃማስ፣ ልጆቹስ ደህና ናቸው? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ዓይኔ ቢደክምም ምላሴ እንደምታውቀው ነው። ታላቅ ወንድማችን ጋሼ ተድላም አለ። ሰማንያ ስድስት ዓመቱን ተሸክሞ በረንዳው ላይ ፀሐይ ይሞቃል፤ በቀን አራቴ ሻይ ያስፈላኛል፤ አንዱንም ጨርሶ አይጠጣም።

በስልክ ልነግርህ እችል ነበር። ስልክ ላይ ግን ገና አፌን ሳልከፍት ይቋረጣል። ደግሞም ይህን ነገር በገዛ እጄ ጽፌ እንድታየው ፈለግሁ። እንግዲህ ደስ ይበልህ፤ አሸንፈናል።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሰበታ ላይ አዲስ አዳራሽ ተሠራ። በመግቢያው ግድግዳ ላይ ለአካባቢው የደከሙ ሰዎች ፎቶ ይሰቀል ተባለና ኮሚቴ ተቋቋመ። ከፋሲካ በኋላ የኮሚቴው ጸሐፊ፣ ወንዲ የሚሉት ገና ጢሙ ያልጠና ልጅ፣ ወረቀት ይዞ ቤት መጣ። «እማማ፣ ቤተሰብ ውሳኔውን ማወቁን እዚህ ጋ ያረጋግጡልኝ» አለና ከቦርሳው ምን ቢያወጣ ጥሩ ነው? የጣት ቀለም! እኔ ፊደል የቆጠርኩት በመሠረተ ትምህርት ጊዜ፣ ሠላሳ አምስት ዓመቴ ላይ፣ ልጄ በምትሆን ተማሪ ፊት ቁጭ ብዬ መሆኑን ከየት ይወቀው። ጣቴን እንድዘረጋለት ሲጠብቅ መነጽሬን አጠለቅሁና ከላይ እስከ ታች አነበብኩት።

ምን ይላል መሰለህ? ተድላ በንጉሡ ዘመን ተጂ ላይ ምስለኔ ሆነው፣ ጅራፍ ይዘው ጢሰኞችን ከመሬታቸው ያፈናቀሉ ስለሆነ ፎቶአቸው አይሰቀልም ይላል። ደሜ ፈላ። ማን አለ ብለው፣ «ከተጂ የመጡ ሽማግሌ በዓይናቸው አይተው መስክረዋል፤ ቅሬታ ካለዎት ቅዳሜ ጉባኤው ላይ ይምጡ» አለኝ። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል አልኩትና ቀለሙን አስይዤ አሰናበትኩት።

አንተ ያን ጊዜ ገና ልጅ ስለነበርክ የምታውቀው ከሰው የሰማኸውን ነው። ጋሼ በትያትር አንድም ቀን ንጉሥ ሆኖ አያውቅም። ሌባ፣ አሽከር፣ ሰካራም፣ ነገረኛ አማት፤ የእሱ ድርሻ እነዚህ ነበሩ። ሴት ደፍራ መድረክ በማትወጣበት ዘመን አማት ሲሆን የሚለብሰው የእኔን ቀሚስ ነው፤ አንዱንም ሳይቀድ መልሶልኝ አያውቅም። ቃሉን የሚያጠናውም በእኔ ነበር። አንድ ሁለቴ ያነብልኛል፣ እኔ በጆሮዬ እይዘዋለሁ፣ ከዚያ ልብስ እያጠብኩ እፈትነዋለሁ። ወረቀቱ ላይ ያለውን ሁሉ በቃሌ እየወጣሁት ወረቀቱን ዘቅዝቄ የምይዝ ሰው ነበርኩ። ፊደል አስቆጥረኝ ስለው «ምን ያደርግልሻል፣ ሁሉ ጭንቅላትሽ ውስጥ አለ» ይለኝ ነበር። ይህን እስከ ዛሬ ይቅር አላልኩትም። ሰው ሲያጨበጭብለት ከመጋረጃው ጀርባ ማን እንደቆመ የጠየቀ አንድም ሰው አልነበረም።

በ1958 ትያትረኞቹ በካሚዮን ገበያ ለገበያ ይዞሩ ነበር። የካሚዮኑ ጀርባ መድረክ ይሆናል። ተጂ ላይ ጋሼ የሆነው ጨካኝ ምስለኔ ነው፤ ከበግ ፀጉር ጢም ሠርቼለታለሁ። መጨረሻው ላይ ፍርድ ይመጣና ምስለኔው ይባረራል፣ ከዚያ ጢሙን አውልቆ እጅ ይነሳል። ወንዲ ያመጣውን ሳነብ ወዲያው የታየኝ ያ የበግ ጢም ነው።

በ1961 ለሕግ መምሪያ ምክር ቤት ሲወዳደር «ቀሚስ ለባሽ ሊወክለን ነው?» ብለው ተሳለቁበት። እሱም ገበያ መሐል ቆሞ በዚያች አማት ድምፅ፣ አንዴ በአማርኛ አንዴ በኦሮምኛ፣ «አማት ለልጇ ስትል አፏን ዘግታ ታውቃለች እንዴ?» አላቸው። ሆዳቸውን ይዘው ስቀው መረጡት። በዓመቱ አንድ ባለርስት ትራክተር ላስገባ ብሎ የተጂን ጢሰኞች ሊያስነሳ ሲል ጋሼ ምክር ቤቱ ውስጥ ተነስቶ ተቃወመ። ንግግሩን ሳምንት ሙሉ ያስጠናሁት እኔ ነኝ። ጉዳዩ በክርክር ሲንጠለጠል ቆይቶ ዘመኑ ራሱ ተገለበጠ፤ ምክር ቤቱም ተዘጋ። እንደራሴው ወንድማችን የፋብሪካ ዘበኛ ሆኖ ጡረታ ወጣ። ከዚያ ወዲህ በራችንን ያንኳኳ አልነበረም።

ቅዳሜ ጎረቤቴ ራቢአ ሱቋን ዘግታ አብራኝ ሄደች። መንገዱን ሙሉ «እትዬ የሺ፣ ቀስ ብለሽ ተናገሪ፤ ሰዎቹ የሚያሳድጉት ልጅ አላቸው» ስትለኝ ነበር። አዳራሹ ሞልቷል። መስካሪው ኦቦ ባጫ የተባሉ ጨዋ ሰው ናቸው፤ ሰባ ሊሞላቸው ነው። ተነስተው «ልጅ ነበርኩ። ጅራፉን እያጮኸ ይህን መሬት ለቃችሁ ውጡ ሲል ሰምቻለሁ። እናቴ ድንጋይ ወርውራ ግንባሩን መታችውና እኔን ጎትታ ሸሸች» አሉ።

ተራው ሲደርሰኝ ተነስቼ «አካም ጅርቱ ኦቦ ባጫ» ብዬ በኦሮምኛ ሰላምታ ጀመርኩ። ሰውየው ምን ላይ ቆሞ ነበር ብዬ ጠየቅኋቸው። ካሚዮን ላይ አሉ። ጅራፉ ማንን ነካ? ማንንም አልነካም አሉ። እናትዎ ድንጋዩን ስትወረውር የገበያው ሰው ምን አደረገ? ጥቂት አሰቡና «ሳቀ» አሉ። «ከመሬቱ ሲነቀል የሚስቅ ሰው የት አይተዋል?» አልኳቸው።  እናትዎ ይዛዎት ባትሸሽ ኖሮ ጢሙን ሲያወልቅ ያዩት ነበር፤ ጢሙን የሠራሁት እኔ ነኝ፤ የድንጋዩ ጠባሳ ዛሬም ግንባሩ ላይ አለ፤ ደሙን ያጠብኩትም እኔ ነኝ አልኳቸው።

ሽማግሌው ራሳቸውን ይዘው «ወይ አዴ የሺ! ስድሳ ዓመት ሊሞላው ምን ቀረው፣ ይህን ሁሉ ዘመን ስረግም የኖርኩት ትያትር ነው?» ሲሉ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ።

ወንዲ ግን በዚህ አላበቃም። «እሺ፣ አላፈናቀሉም እንበል። እንደራሴ ሆነው ለሠሩት ነገር ግን ሰነድ የለንም» አለ። ይህን ስጠብቅ ነበር። ሦስት ቀን ሙሉ ከጭንቅላቴ ወደ ወረቀት የገለበጥኩትን ደብተር አወጣሁ። ራቢአ ያዘችልኝና አነበብኩላቸው፤ «ክቡር አፈ ጉባኤ፣ እኔ መድረክ ላይ ሌባ ሆኜ ስሰርቅ ሰው ይስቃል። መጋረጃው ሲወርድ የሰረቅሁትን ለባለቤቱ እመልሳለሁ። ከተጂ ገበሬ እጅ የሚወሰደውን መሬት የሚያስመልሰው መጋረጃ ግን የቱ ነው?» እያለ ይቀጥላል።

ገና ሳልጨርስ ኦቦ ባጫ ብድግ አሉ። «ቆዩ፣ ቆዩ! አባቴ እስኪሞት ድረስ ስለ መጋረጃ ተናግሮ ያዳነን እንደራሴ ነበረን ይል ነበር። ስሙን ግን አያውቀውም ነበር። እኚህ ናቸው? ዱጋ ነው፣ እውነት ነው! ይህን ቃል ከአባቴ አፍ ሰምቼዋለሁ» ብለው እንባቸው መጣ። ድምፅ ሲሰጥ የመጀመሪያውን እጅ ያወጡት እሳቸው ናቸው፤ ሁለቱንም እጃቸውን። አንድም የተቃወመ አልነበረም። ወንዲ መጥቶ ጉልበቴን ሊስም ሲል ያ የጣት ቀለምህ የት አለ አልኩት። ከጋሼ ፎቶ ሥር የሚጻፈውን ከእኔ አፍ ወሰደ፤ ንግግሩን ያስጠናሁት እኔ መሆኔም ጽሑፉ ውስጥ ገብቷል። እኔ እንዲገባ አልጠየቅሁም፤ ይውጣ ብዬም አልተከራከርኩም።

ቤት ስገባ ጋሼ በረንዳው ላይ ነበር። ሁሉንም ነገርኩት። የፎቶውን ነገር ስነግረው ሻዩን ያማስላል። የጭብጨባውን ስነግረው ያማስላል። የኦቦ ባጫን ስነግረው ግን ማንኪያውን አስቀመጠ። «ሰውየው እስከ ዛሬ አምኖኝ ነበር?» አለኝ። አዎ፣ እስከ ዛሬ ጠዋት ድረስ ሲረግምህ ነበር አልኩት። ወንድሜ፣ በዚያ ፊት ላይ እንዲያ ያለ ደስታ አይቼ አላውቅም። ከዘራውን ይዞ ቀጥ ብሎ ቆመ፣ አገጩን ቀና አደረገና መንገደኛው ሁሉ ዞሮ እስኪያይ «ይህን መሬት ለቃችሁ ውጡ!» ብሎ አንባረቀ። ሻዩ ተደፋ። እኔም፣ ምን ልደብቅህ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ከፊት ለፊቱ ቁጭ ብዬ አጨበጨብኩለት።

ለሩሃማ ሰላምታዬን አድርስልኝ፤ በላከችው ማር ጉሮሮዬ ተሻለው በላት። ትጊን ትዳርሽ ይባረክ ብላለች በላት። ቤተልሄም ፈተናዋን በርትታ ታጥና፤ አጥኚ ስል እኔ የምቀልድ እንዳይመስላት። ትንሹን እውነቱን ሁለቱን ጉንጩን ሳምልኝ። ራቢአም ሰላም ብላችኋለች። ጋሼ ደግሞ አንተን መጥተህ ፎቶውን እንድታይ ሳይሆን ኦቦ ባጫን እንድትተዋወቅ ነው የሚፈልገው።

እህትህ የሺወርቅ
ሰበታ፣ ግንቦት 6 ቀን 2017 ዓ.ም.