ባለበት ይቆይ የተባለው እንሰት

ይድረስ የይግባኝ ሰሚ ጉባኤዎችን ሥራ ለሚቆጣጠረው ክቡር ችሎት
ጂንካ

ክቡራን ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ እንደምን ሰነበታችሁ እላለሁ፤ እኛ ቀጠሮ ከመጠበቅ በቀር ደህና ነን። እኔ በሃና ከተማ የማስተምር መምህር ስሆን፣ ይህን በግልጽ የምጽፈው የእናቴ የወይዘሮ ጥሩነሽ ወኪል ሆኜ ነው። እናቴ በጂንካ ዳር ያለው የእንሰት ጓሮዋ ለመንገድ ይፈለጋል ተብላ በ2013 ለይግባኝ ሰሚው ጉባኤ አቤት ካለች አራት ዓመት አለፈ። ጓሮው ከተወሰደ የምትበላውም የምትኖርበትም ሌላ ቦታ የላትም። ቅሬታ እንዳይመስልብኝም ምስጋናዬን በተራ ቁጥር አቀርባለሁ።

1. ጉባኤው አባላቱ ለስልጠና እየሄዱ አሥራ ሰባት ጊዜ ሳይሟላ ቀርቷል፤ በጸሎት ቤታችን ለምልዓተ ጉባኤው ሁለት ጊዜ ተጸልዮለታል። የቀጠሮ ለውጥ የሚለጠፈው በዕለቱ ጠዋት በመሆኑ፣ እኔም ከሃና በጭነት መኪና ተሳፍሬ መጥቼ ሰሌዳ አንብቤ እመለሳለሁ። አንድ ጊዜ መኪና አጥቼ ብቀር መዝገቡ ተዘጋ፤ ለማስከፈት ስምንት ወር ደጅ ጠናሁ። እነሱ ሲቀሩ ቀጠሮ፣ እኔ ስቀር ጥፋት መሆኑን ስለተማርሁ አመሰግናለሁ።

2. ወደ እናንተ ስንመጣ፣ ጉባኤው ሳይወስን ፍርድ ቤት ጉዳዩን እንደማያይ በትህትና አስረድታችሁን፣ ጉባኤው የዘገየበትን ምክንያት በጽሑፍ እንዲያቀርብ አዘዛችሁ። ምክንያቱም ዘገየ፤ እናንተም እሱን ለመጠበቅ ስድስት ጊዜ ቀጠራችሁ። መቆጣጠር ማለት አብሮ መዘግየት መሆኑን አላወቅንም ነበር።

3. ከሁሉ የምናመሰግናችሁ ግን ስለ እግዱ ነው። ይዞታውና በላዩ ያለው ሁሉ ውሳኔ እስኪሰጥ ባለበት ይቆይ ስትሉ፣ እናቴ አስነብባ ሰማችና ከዚያን ቀን ጀምሮ አንድ እንሰት አልቆረጠችም። ጎረቤቷ ወይዘሮ ሩቲ እግዱ ለአፍራሾች እንጂ ለቆጮ አይደለም ብትላት፣ የዳኛ ቃል ነው ብላ እምቢ አለች። እንሰት ደግሞ ቀጠሮ አያውቅም፤ ደርሶ ካልተቆረጠ ያብባል፣ ካበበ ሥሩ ባዶ ይሆናል። ዘንድሮ አሥራ ዘጠኙም አብበው በቁማቸው በሰበሱ፤ እሷም ከገበያ በቆሎ እየሸመተች ትእዛዛችሁን ጠበቀች። እኔ ልጇ ስመላለስ ሰሌዳውን እንጂ ጓሮውን ባለማየቴ አፍራለሁ። ደክሞኛልም።

ስላደረጋችሁልን ሁሉ፣ ይልቁንም ሳታደርጉ ስለቀጠራችሁልን፣ ጎንበስ ብዬ እጅ እየነሣሁ፣ ዕድሜያችሁን እንደ መዝገባችን ያርዝመው እላለሁ።

በመዝገባችሁ ውስጥ የሚያረጀው
መምህር ያቤጽ ሙሴ

ማስታወሻ፦ እናቴ ባለፈው ቅዳሜ የበሰበሱትን ነቅላ ሃያ የእንሰት ችግኝ ተክላለች። ይህ እግዱን በግልጽ መጣስ ነው፤ ምስክር ካስፈለገም ወይዘሮ ሩቲ አለች። የችሎት ትእዛዝ የጣሰ ሰው በሳምንቱ ዳኛ ፊት እንደሚቀርብ ሰምተናልና፣ እባካችሁ አስቀርቧት። የእሁድ ልብሷን አጥባ እየጠበቀች ነው።