ያረምኳቸው ካርታዎች

ጥቅምት 6፣ ጠዋት 3፡00
አሥራ ሁለት ካርታ ጨረስኩ። ሰባት ይቀራል። ካርታዎቹ፣ እዚህ ቡልቡላ ኮንዶሚኒየም ከመሠራቱ በፊት ያርሱ የነበሩ ሰዎች የድሮ ሰፈራቸውን ከትዝታ በእርሳስ የሳሏቸው ናቸው። ያመጣችልኝ ሰላማዊት ናት። ዘጠነኛ ክፍል ጂኦግራፊ አስተምሬያታለሁ፤ አሁን ከተማ ሲሰፋ ገበሬው ምን እንደሚሆን ለዶክትሬቷ ታጠናለች። የቦታ ስሞቹን በንጹሕ ጽሕፈት እንድጽፍላት ነው የጠየቀችኝ። ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ እንዲህ የፈለገኝ የለም። ተመስገን።

ጥቅምት 9፣ ከሰዓት
አለቀ። ስሞቹ ብቻ አይደሉም፤ ስሕተት አይቶ ማለፍ አልሆነልኝም። ከሳዮቹ አንዱ ኦቦ ቱፋ ወንዙን እንደ አስፋልት አስፍተው፣ አውድማቸውን ከት/ቤቱ አስበልጠው ስለዋል። ሁሉንም በላጲስ አጥፍቼ በልኬት አስተካከልኩ። ሰ. ደስ ይላታል።

ጥቅምት 11
ሰ. መጣች። አንዱን አየች፣ ሁለተኛውን አየች፣ ተቀመጠች።
«ቲቸር፣ የኦቦ ቱፋ ወንዝ የት ሄደ?»
የሳተላይት ምስል ጠቅሼ አስረዳኋት። እስክጨርስ ጠበቀችኝ። ከዚያ በቀስታ ነገረችኝ፦ የምታጠናው የወንዙን ስፋት አይደለም፤ በገበሬዎቹ ልብ ውስጥ የቀረውን ስፋት ነው። ትልቅ አድርገው የሳሉት የጎደለባቸውን ነው። ቅጂ የላትም። ምዕራፉ በወሩ መጨረሻ ለአማካሪዋ ይገባል።
አልተቆጣችም። ብትቆጣ ይሻለኝ ነበር። ሻይዋን ሳትጨርስ ሄደች።

ጥቅምት 13
ኦቦ ቱፋ ዘንድ፣ አራተኛ ፎቅ። ጉልበቴ። ያጠፋሁትን ነግሬ ይቅርታ ጠየቅሁ። ሳቁብኝ።
«መምህር፣ በክረምት ተሻግረውት ያውቃሉ?»
አላውቅም።
«ሁለት በሬ የወሰደብኝን ወንዝ ነው ቦይ ያደረጉት!»
አውድማውስ? ሦስት ልጆች የዳሩበት ነው። ይህን የትኛውም ምስል አያሳይም። አዲስ ወረቀት ሰጠኋቸው። ወንዙ ከበፊቱም ሰፋ። ላጲሴን አላወጣሁም። ሲጨርሱ በር ለበር ይዘውኝ ዞሩ፣ ሌሎቹ እንዲስሉልኝ ለመኑልኝ። ለአሥር ዓመት ጎረቤቶቼ ናቸው፤ ስማቸውን ያወቅሁት ከካርታው ላይ ነው።

ጥቅምት 22
አሥራ ስድስት ተገኘ። ሁለቱ ሰፈር ለቀዋል። አንዲት እናት እንደገና አልስልም አሉ፤ አንድ ጊዜ ማልቀስ ይበቃኛል አሉ። የእሳቸው ካርታ በእኔ እጅ ጠፋ። ይህ አይካስም።
ሰ. አሥራ ስድስቱን ምንጣፍ ላይ ዘርግታ ረጅም ጊዜ አየች። ምዕራፉን በእነዚህ ልጽፈው እችላለሁ አለች። ግን እነዚህ ሁለተኛ ሥዕሎች ናቸው፤ ያን መግለጽ አለባት። «በረዳት ስሕተት» ብላ ልታልፍ አሰበች። እንቢ አልኩ። ተከራከረችኝ፤ ስምዎ ለምን ይነሳል፣ ቲቸር፣ እያለች። እንዲህ የምትሳሳልኝ ተማሪ ስለሰጠኝ አምላኬን አመሰግናለሁ፤ ግን አንባቢዋ እውነቱን ማወቅ አለበት። ስሜ ከነአባቴ ይገባል። አንቀጹን ዛሬ ጀመርኩ፦ ካርታዎቹን የለወጥኩት እኔ ነኝ። ማንም አላዘዘኝም። ሰዎቹን ሳልጠይቅ ወንዛቸውን አጠበብኩ።