ስለ እማማ ዞራይዴ መስኮትና ስለ ነጩ ድንጋይ

ለክቡር ዶቶር ጋስፓሬ ሎንጋሪኒ
የሞንተልቪኖ ጥንታዊ ቅርሶች ጥበቃ ቢሮ ኃላፊ

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናዎ እንደምን ሰንብቷል እያልኩ በታላቅ አክብሮት እጠይቃለሁ። ወገብዎ፣ ጉልበትዎ፣ በተለይም ድምፅዎ ደህና እንደሆነ ተስፋ አደርጋለሁ፤ ስለ ድምፅዎ ለምን እንደምጨነቅ ወደ በኋላ ይረዱታል። ቲልዴ ማርካንቶኒ እባላለሁ። በጥንቱ የሮማውያን ቲያትር ከታችኛዎቹ ቅስቶች በአንዱ ውስጥ ልብስ እሰፋለሁ፤ እናቴም እዚያው ስትሰፋ ኖራለች። ቢሮዎ በለጠፈው ማስታወቂያ ላይ እኔና ጎረቤቶቼ "በኋላ ዘመን የተለጠፉ ጭማሪዎች" ተብለናል። እስካሁን ሰዎች ነን እያልን በስሕተት ለኖርነው ሁሉ፣ እርማቱን በምስጋና ተቀብለናል።

ጉዳዬ የእማማ ዞራይዴ ቤት ነው። ከመቀመጫዎቹ ሁሉ በላይ፣ በመጨረሻው ቅስት ውስጥ ያለችውን፣ አንድ መስኮት ብቻ ያላትን ቤት ማለቴ ነው። ቢሮዎ "ግድግዳው ሊወድቅ ስለሆነ" በዚህ ወር መጨረሻ እንዲለቁ ጽፎላቸዋል። ለሰማንያ ሰባት ዓመት አሮጊት ደህንነት እንቅልፍ ማጣትዎ ልቤን ነክቶታል። ነገር ግን ያልጠረጠረ ተመነጠረ ነውና፣ የጠረጠርኩትን በቁጥር አስቀምጬ እንዳቀርብልዎ ይፍቀዱልኝ።

አንደኛ። ክቡርነትዎ ከእኔ በተሻለ እንደሚያውቁት፣ ሮማውያን ይህን ቲያትር ሲሠሩ ግማሹን በኮረብታው ላይ አስደግፈው፣ ኮረብታ ባጣው በኩል ደግሞ ቅስት በቅስት ላይ ደራርበው መቀመጫዎቹን አሸከሟቸው። ከዚያ በኋላ የመጣው ሁሉ የሚችለውን ወሰደ። ጳጳሱ ከመድረኩ ጀርባ የነበሩትን ዓምዶች ለቤተ ክርስቲያኑ ወሰዱ፤ ኖራ አቃጣዮች ሐውልቶቹን ኖራ ሊያደርጓቸው እሳት ውስጥ ጨመሩ፤ መኳንንቱ የእብነ በረዱን ንጣፍ ለደረጃቸው አነሱ። ዛሬ ቆመው የሚታዩት ቅስቶች ሰው ገብቶ የኖረባቸው ብቻ ናቸው፤ ባዶ የቀሩትማ ድንጋይ በድንጋይ ተነቅለው አልቀዋል። ታዲያ ስንት የመሬት መንቀጥቀጥ ያሳለፈው የእማማ ዞራይዴ ግድግዳ፣ ክቡርነትዎ ሥልጣን በያዙ በዓመቱ ለመውደቅ መወሰኑ አስገርሞኛል። ምናልባት እርስዎን ሲጠብቅ ኖሮ ይሆናል።

ሁለተኛ። ልብስ ሰፊ ስለሆንኩ ሰው ሲለካ ምን ሊሰፋ እንዳሰበ አያመልጠኝም። የቢሮዎ መሐንዲስ ኢንጂነር ፉልቪዮ ግድግዳውን ሊመረምሩ መጡ ተባለና ከታች ሆኜ ተመለከትኩ። ግድግዳውን በጣታቸው እንኳን ሳይነኩ የበሩን ስፋት፣ የጭስ ማውጫውን ቀዳዳና የውሃውን መስመር ለኩ። ከዚያም ከቤቱ ፊት ባለው እርከን ላይ በኖራ አራት ማዕዘን እየሠሩ ምልክት አደረጉ። እያንዳንዱ ምልክት የጠረጴዛ ያህል ነው፤ በሁለት ምልክቶች መካከልም ሳህን የያዘ ሰው ጎኑን አዙሮ የሚያልፍበት ያህል ቦታ ተትቷል። የሚወድቅ ግድግዳ ሥር ጠረጴዛ የሚዘረጋ ምን ዓይነት ሰው ነው ብዬ አሰብኩ። ወዲያውም አያ ጅቦ ሳታመኻኝ ብላኝ የሚለው ተረት ትዝ አለኝ። እርስዎን ማለቴ ግን አይደለም፤ ትዝ ያለኝን መናገሬ ነው።

ሦስተኛ። እዚህ ላይ ትንሽ ይታገሡኝ። ከመድረኩ ፊት ባለው ወለል መካከል ያለውን ክብ ነጭ ድንጋይ ያውቁታል። በሞንተልቪኖ አንድ ወንድ ሚስት ሲፈልግ የልጅቱ ቤተሰብ ከላይኛው እርከን ላይ ይቀመጣል፤ እሱም ነጩ ድንጋይ ላይ ቆሞ በተለመደ ድምፁ ይጠይቃል። ልጅቱ ከላይ ሆና ትመልሳለች። የጮኸ ሰው ያለ ጥያቄ እምቢ ይባላል፤ ድንጋዩን ያላመነ ሚስቱንም አያምንም ይላሉ ሽማግሌዎቻችን። የእማማ ዞራይዴ ባል፣ ነፍሱን ይማረውና ሚኬሌ፣ እሳቸው በዚያችው መስኮት ቆመው ሳሉ፣ "ዞራይዴ፣ ሾርባሽ እንደማይበላ ነግረውኛል፤ እኔ ግን እበላዋለሁ" ብሎ ጠየቃቸው። እሳቸውም እሺ አሉ። እማማ ዞራይዴ ዛሬም ማታ ማታ መስኮቱን ሳይከፍቱ አይተኙም። ለምን ሲባሉ፣ "ምናልባት የረሳው ነገር ይኖራል" ይላሉ።

ስለዚህ እኛ ቲያትሩ ውስጥ ምስጢር አናወራም፤ ልጆቻችንም ያውቁታል። ክቡርነትዎ ግን ባለፈው ማክሰኞ በምሳ ሰዓት፣ ጥበቃዎቹን አሰናብተው፣ ሰው እንዳይሰማዎ ከኢንጂነር ፉልቪዮ ጋር ወደ ወለሉ መካከል ወርደው ነጩ ድንጋይ ላይ ቆሙ። እማማ ዞራይዴ መስኮታቸው ሥር ተቀምጠው ባቄላ ይፈለፍሉ ነበር። የሰሙትን እንደ ሰሙት ነገሩኝ።

ኢንጂነሩ፣ "ግድግዳው እኮ ምንም አልሆነም፤ አንተንም እኔንም ቀብሮ ይቆማል" አሉ።

እርስዎ፣ "እሱን ለራስህም አታውራው። ይወድቃል ካላልን አሮጊቷ አትወጣም፤ እሷ ካልወጣች የባለቤቴ ወንድም ምግብ ቤቱን ሲከፍት ወጥ ቤቱን የት ሊያደርገው ነው?"

"ብትሰማንስ?"

"ከዚህ እስከዚያ? ባክህ ተወኝ! እሷ እንኳን እኛን የቤተ ክርስቲያኑን ደወልም አትሰማም። ደግሞስ በዚህ ዕድሜዋ መስኮት ምን ያደርግላታል?"

እማማ ዞራይዴ ባቄላቸውን በሽርጣቸው እንደ ያዙ ወደ እኔ ወረዱ። ያለቅሳሉ ብዬ ነበር። እሳቸው ግን ወንበር ስበው ተቀመጡና፣ "ቲልዴ፣ ሰውየውን ውሸታም ነው እያልኩ ሳማው ነበር፤ ለካስ በር ላይ የለጠፈው ነገር እውነት ነው" አሉኝ።

በዋናው በር ላይ የቆመውን ሰሌዳ ማለታቸው ነው። ክቡርነትዎ በስምዎና በማዕረግዎ የፈረሙበት ያ ሰሌዳ፣ "በነጩ ድንጋይ ላይ የተነገረ ሹክሹክታ ሳይቀር እስከ መጨረሻው እርከን ይሰማል" ይላል። ለጎብኚዎች የጻፉትን ራስዎ አለማመንዎ ትሕትናዎን ያሳያል። እውነቱን ለመናገር፣ ስለ ምግብ ቤቱ ሳይሆን ስለዚያች ስለ መጨረሻዋ ጥያቄዎ ነው የተናደድኩት፤ እስካሁንም አልበረደልኝም። መስኮቱ ምን እንደሚያደርግላቸው ከላይ ጽፌልዎታለሁ፤ እባክዎ መልሰው ያንብቡት።

የምንለምንዎት ጥቂት ነገር ነው። በመጪው እሑድ ከቅዳሴ በኋላ የከተማው ሕዝብ በእርከኖቹ ላይ ይቀመጣል፤ ለሥራ ቦሎኛ የሄዱትም እየመጡ ነው። ክቡርነትዎ ነጩ ድንጋይ ላይ ቆመው ማክሰኞ የተናገሩትን ያንኑ ቃል ቢደግሙልን ውለታዎን አንረሳም። ማጉያ አያስፈልግም። ድምፅዎንም ከፍ ማድረግ አይኖርብዎትም።

ለቅርሶቻችን ስላሳዩት ርኅራኄ፣ ከባለቤትዎ ወንድም ጋር ላለዎት የጠበቀ ቤተሰባዊ ፍቅር፣ እንዲሁም ስለ ጆሯችን ስላለዎት አስተያየት ምስጋናዬን እያቀረብኩ፣ መርፌዬን አስቀምጬ በአክብሮት እጅ እነሣለሁ።

ቲልዴ ማርካንቶኒ
በኋላ ዘመን የተለጠፈች ጭማሪ

ማስታወሻ፦ እማማ ዞራይዴ ደብዳቤውን አንብቤላቸው አንድ ነገር እንድጨምር አዘውኛል። በልማዳችን ከነጩ ድንጋይ ላይ ሳይጮህ የጠየቀ ወንድ ከመስኮቱ መልስ ይሰጠዋል እንጂ ዝም ተብሎ አይሸኝም። እርስዎም ማክሰኞ ዕለት አልጮኹም፤ ቤታቸውንም ጠይቀዋል። ከዚያ ድንጋይ ላይ ሆነው እሳቸውን የጠየቁ ወንዶች በዕድሜያቸው ሁለት ብቻ ናቸው። ለመጀመሪያው እሺ ብለዋል። ለእርስዎ ግን እምቢ ብለዋል።