አባትሽ ለሽማግሌው የላከው ቃል

ለዓይኔ ብርሃን ለኦርኒት፤ የእስራኤል አምላክ ጤናሽን ይጠብቅልኝ፣ በሰው አገር ሞገስ ይስጥሽ።

እኛ ደህና ነን። ጉልበቴን ተሽሎኛል፤ ወንድምሽ ያሪቭም ፖሌግ፣ ፋብሪካዎቹ ካሉበት ሰፈር፣ ሥራ ገብቷል። የለንደን ብርድ ክፉ ነው አሉ፤ ሹራብ ደርቢ።

ፊልምሽን ሐሙስ ዕለት በሰፈራችን ማትናስ፣ በሕዝብ ማዕከሉ አዳራሽ አሳዩት። ከሄድሽ ወዲህ ስልክሽን የማያነሳው አባትሽ፣ «ምህንድስናዋን ጥላ የጻፈችውን ተረት አላይም» ብሎ ነበር። በኋላ ግን በሩ አጠገብ ተቀምጦ አየሁት። ፊልሙ ላይ ልጅቱ ሻንጣዋን ይዛ ስትወጣ ሽማግሌው አባቷ ዝም ሲላት፣ አባትሽ ብድግ ብሎ፣ «ምነው? አባት ልጁን ሳይመርቅ ይሸኛል?» ብሎ ጮኸ። ሰው ሁሉ ዞሮ አየው፤ እኔ አፈርኩ።

ወደ ቤት ስንመለስ ክንዴን ይዞ፣ «ደመቀች፣ ያ ሽማግሌ እኔ ነኝ አይደል?» አለኝ።

«አንተ ነህ» አልኩት።

ጥቂት ተራመደና፣ «እንግዲያ ቃል ትጻፍለት። ‹ልጄ፣ ሥራሽ ይባረክ፤ ፈጣሪ የጀመርሽውን ያስፈጽምሽ› ይበላት» አለ።

ፊልም ካለቀ በኋላ ቃል እንደማይጨመርበት ያሪቭ ነግሮኛል፤ ለአባትሽ ግን አልነገርኩትም። ዓርብ ሰንበት ሳይገባ ደውይለት፣ ልጄ። ስልኩን ያነሳል፤ ራሱ ይበልሽ።

ክፉ አይይሽ፤ በሰላም ያገናኘን።

እናትሽ ደመቀች
ናታንያ