«ዋ» ያለው አባት

ሰኞ

ሁለት ገጽ። ቅዳሜ ሰው ፊት ቆሜ የማነበው የሕይወት ታሪክ እስካሁን ሁለት ገጽ ብቻ ነው፤ ግማሹን ራሴ ሰርዤዋለሁ።

ሰውየው ከደቡብ ሕንድ የመጣ የታሚል ፊልም ዳይሬክተር ነው። ሕንድ ሲባል ሁሉም ሰው ሂንዲ ብቻ ስለሚመስለው ከዚያ መጀመር አለብኝ፤ ቋንቋቸውም ሌላ፣ ፊልም የሚሠሩበት ከተማም ሌላ። ወጣት እያለ እዚሁ ኮልፌ ሦስት ዓመት ሒሳብ አስተምሯል። ቀኑን ሙሉ «ኤክስን ፈልጉ» ስለሚላቸው ተማሪዎቹ ሚስተር ኤክስ የሚል ስም አወጡለት። እኔም እዚህ ደብተር ላይ እንዲሁ ልበለው፤ እውነተኛ ስሙን ስጽፍ መስመሩ ያልቃል።

ቅዳሜ ፊልሙ ሲታይ እንዲገኝ የጋበዙት የድሮ ተማሪዎቹ ናቸው። ዋናው አስተባባሪ ጎረቤታችን ጋሽ ዘርጋ ናቸው፣ አጠና ተራ የቆርቆሮ ሱቅ ያላቸው፣ የጓደኛዬ የመቅደስ አባት። እኔን የመረጡኝ ስለ ጨው ማሳ የሠራውን ፊልም በአማርኛ የተረክሁት እኔ ስለሆንኩ ነው። ዕድሜ ለትርጉም ፊልም፣ የአባትየውም የልጅቷም የፖሊሱም ድምፅ እኔ ነኝ። ሰፈሩ አሁንም በዚያ ያውቀኛል። ደስ ይለኛል፣ ምን እደብቃለሁ።

እስካሁን የያዝኩት፦ አባቱ ጨው አምራች። ከኮልፌ ሲመለስ ማስተማሩን ትቼ ፊልም እሠራለሁ አለ፣ አባቱ ከቤት አስወጡት። ስድስት ዓመት የፊልም ከተማቸው ማድራስ ውስጥ የሰው ረዳት፤ ሻይ ማመላለስ፣ ገመድ መጠቅለል፣ መሰደብ። የመጀመሪያ ፊልሙ ሦስት ቀን ታይቶ ወረደ። ሁለተኛው አላለቀም። ሦስተኛውን ራሱም አይወደውም። አራተኛው የኛው ነው።

ደረቅ ነው። ሰው ያዛጋል።

ማክሰኞ

ትዝታ እንዲያወሩልኝ ጋሽ ዘርጋ ሱቅ ሄድኩ። ምነው ባልሄድኩ።

ሚስተር ኤክስ በመጣ በመጀመሪያው ሳምንት ሰሌዳው ጋ ቆሞ፣ መዳፉን ወደ መሬት አድርጎ እያወዛወዘ «ዋ! ዋ!» ይላቸዋል። ትንሹ ዘርጋ ሊገርፈኝ ነው ብለው በአጥር ዘለው ሁለት ቀን ጠፉ። ለካ በሰውየው ቋንቋ «ዋ» ማለት «ና» ማለት ነው። አስተማሪው ሰሌዳው ላይ ሠርተህ አሳየን እያላቸው ኖሯል። ሆዴን ይዤ ሳቅሁ፣ ደንበኛውም ሳቀ።

ፌርማታ ላይ ታክሲ ስጠብቅ ነው ሳቁ የጠፋው። የፊልሙ መጨረሻ። የኮበለለችው ልጅ ከዓመታት በኋላ ተመልሳ የአባቷ በር ላይ ትቆማለች። አባትየው አያትና አንዲት ቃል ይላል፤ ያልቃል። ያኔ እጃችን ላይ የነበረው ቅጂ መጨረሻው ላይ የእንግሊዝኛው ጽሑፍ አልነበረውም። በጆሮዬ የሰማሁት «ዋ» ነው። የሱን ድምፅ ቀንሼ በራሴ ድምፅ ሸፈንኩት፣ ከራሴም ጨመርኩበት፦ «ዋ! እግርሽ ደጄን እንዳይረግጥ!»

ነይ ነበር ያላት።

ስንቱ ሰው ነው በዚያ መጨረሻ ያለቀሰው። ማልቀሱስ ባልከፋ። መቅደስ አባቷን ሳታስፈቅድ አግብታ አስኮ ከገባች ሰባት ዓመቷ ነው። ሽማግሌ ሲላክ ጋሽ ዘርጋ የመለሱት በኔው ቃል ነበር፤ አስተማሪዬ ያስተማረኝ ይኼን ነው፣ እግሯ ደጄን እንዳይረግጥ ብለዋል። ሽማግሌዎቹ ነግረውኛል። ያን ቀን፣ እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ ትንሽ ኮርቼ ነበር።

ረቡዕ

ለሚስተር ኤክስ ደወልኩ። እውነቱን ልናዘዝ ነበር። ስለ መጨረሻዋ ቃል ስጠይቀው ግን ራሱ ማውራት ጀመረ። ከስድስት ዓመት በኋላ ቤቱ ሲሄድ አባቱ በር ላይ ነበሩ። «ዋ» አሉት፣ ከዚያ ወደ ሥራቸው ዞሩ። ፊልሙን የሠራው ያቺን ቃል ለማስቀመጥ ነው። ተዋናዩ መጀመሪያ በቁጣ አላት፣ ቀጥሎ በልመና። ቀኑን ሙሉ ደገሙት። እሱ የፈለገው ሱቅ ደርሶ ለተመለሰ ሰው እንደሚባለው ዓይነት ነበር።

ኔትወርኩ አስቸግሮኛል ብዬ ዘጋሁት። ኔትወርኩ ምንም አልሆነም ነበር።

ሐሙስ

ዓለም ባንክ ሰፈር፣ ሐብታሙ ስቱዲዮ። ፊልሙን አብረን የሠራነው የድምፅ ባለሙያ ነው። ሚስተር ኤክስ በላከው ንጹሕ ቅጂ ላይ የድሮ ድምፄን ሲለጥፍ ዋለ። መጨረሻዋን ቁረጥልኝ አልኩት። ሕዝቡ የለመደውን አትንኪ አለኝ፤ ደግሞስ ስምሽስ? እውነቱን ነው፣ ስሜ አሳስቦኛል። ተጨቃጨቅን፣ ምሳ ሳንበላ ቀረን። በመጨረሻ ቆረጠው። ያቺን ቃል ቅዳሜ ማይክ ይዤ በቀጥታ እላታለሁ።

እላታለሁ?

ዓርብ

ገባ። ሚስተር ኤክስ ቀጭን፣ ጎንበስ ያለ፣ ሁሉን ነገር የሚነካ ሽማግሌ ነው። ጋሽ ዘርጋ እጁን ይዘው አልለቅ አሉ። መኪና ውስጥ አስተርጓሚያቸው እኔ ነበርኩ። ጋሽ ዘርጋ፣ «ፊልምህ ልቤን እንዳጸና አስተማረኝ፣ ልጄ ላይ በሬን የዘጋሁት ያንን አይቼ ነው በይው» አሉኝ። እኔም ፊልምህን በጣም ይወዱታል አልኩት። አመሰገነ። ሁለቱም ደስ አላቸው።

ሁለተኛ ጊዜ አበላሸሁት። ያኔስ ባለማወቅ ነው፣ ዛሬ ግን እያወቅሁ።

ቅዳሜ

አዳራሹ ሞላ። ታሪኩን አነበብኩ፤ አላዛጉም። ትልቁን ሽልማቱን ባቡር ላይ ረስቶ እንደወረደ ሳነብ ሁሉም ሳቀ።

ከዚያ ፊልሙ። መጨረሻው ሲደርስ ማይኩን አነሣሁ። አባትየው «ዋ» አለ። ቃሏ በደንብ እንድትሰማ ጠበቅሁና፣ «ነይ ግቢ» አልኩ።

ከኋላ አንዱ ተሳስታለች አለ። መብራት ሲበራ ሁሉንም ተናገርኩ፣ በአማርኛም በእንግሊዝኛም። ሚስተር ኤክስ አፉን በእጁ ያዘ። ያለቀሰ መስሎኝ ነበር፣ እየሳቀ ነው። እዚህ አገር ያቺ ቃል እንደማትሠራ ከመጀመሪያው ሳምንት ጀምሮ ማወቅ ነበረብኝ አለ። ቀጥሎ ግን የጋሽ ዘርጋን ፊት አየና ሳቁን አቆመ።

ጋሽ ዘርጋ ተነሥተው ነበር። «ነይ ነው ያላት?»

«አዎ ጋሽዬ። ጥፋቱ የኔ ነው።»

እንግዳቸውን ሳይሰናበቱ ወጡ።

እሑድ

እንቅልፍ የሚባል ነገር አላየሁም። ጠዋት በሩ ተንኳኳ። ጋሽ ዘርጋ፣ ነጠላቸውን እንደለበሱ፣ ከቀራንዮ መድኃኔዓለም በቀጥታ የመጡ። ስድብ ስጠብቅ፣ «ቤቷን አላውቀውም» አሉኝ። የጫማዬን ክር ሳላስር መኪናቸው ውስጥ ገባሁ።

እስከ አስኮ መንገዱን እኔ አሳየኋቸው። መሃል ላይ ስንት ልጅ እንዳላት ጠየቁኝ። ሁለት አልኳቸው፣ ትልቁ ትምህርት ቤት ገብቷል።

መቅደስ ልብስ እያሰጣች ነበር። በሩን ከፍታ ስታያቸው ደርቃ ቀረች፤ እጇ ላይ ያለው ሸሚዝ እግሯ ላይ ያንጠባጥባል። ያን ጊዜ ነው ነገሩ የገባኝ። በር ላይ የቆሙት እሳቸው ናቸው። ግባ ማለት የሷ ነው፣ አለማለትም የሷ ነው። ሽማግሌዎቹ ያኔ ይዘው የተመለሱትን መልስ ደግሞ ታውቃለች። ጋሽ ዘርጋ «መቅዲ» አሉ። እሷ ወደኔ ዞራ አየችኝ፣ አንድ ነገር እንድልላት የፈለገች መሰለኝ። በሰው አፍ ስናገር የኖርኩት ሴትዮ ዝም አልኩ።

ሸሚዙን ባልዲው ውስጥ መለሰችው።

«አባዬ፣ ጫማህን አታውልቅ። ቤቱ ገና አልተወለወለም።»

እኔ አልገባሁም፣ በታክሲ ተመለስኩ። ከሰዓት ሚስተር ኤክስ ከሆቴሉ ደውሎ ምሳ የጋበዙት ጋሽ ዘርጋ የት እንደጠፉ ጠየቀኝ። ልጃቸው ቤት ናቸው አልኩት። እንግዲያው ብቻዬን እበላለሁ አለኝ፤ ድምፁ ቅር ያለው ሰው ድምፅ አይደለም። አሁን አሥራ አንድ ሰዓት ሆኗል፣ መኪናቸው ገና አልተመለሰም።